ከሕፃኗ ተረከዝ የተወሰደው ደም

በሩ ሦስት ጊዜ ተንኳኳ። ሽማግሌው በካልሲ እንደ ቆሙ ጆሯቸውን ወደ በሩ አስጠግተው ትንፋሻቸውን ዋጥ አደረጉ። ከመኝታ ቤት ልጃቸው «ማነው አባዬ?» ስትል እጃቸውን ወደ ኋላ አወናጭፈው ዝም አሰኟት። ያንኳኳው ሰው ጥቂት ቆየና ደወሉን ተጫነ። ደወሉ ግን ድምፅ የለውም፤ አራሷ ከሆስፒታል የገባች ዕለት፣ የዛሬ ስድስት ቀን፣ ሽማግሌው ክዳኑን ፈትተው መምቻውን በጨርቅ ጠቅልለውታል። በመጨረሻ ኮቴው ደረጃውን ይዞ ወረደ።

በዚያ ሕንፃ ውስጥ እኚህን ሰው በስማቸው የሚጠራ የለም። በእርሳስ ፊደል ዘመን በማተሚያ ቤት እያንዳንዱን ፊደል በእጅ እየለቀሙ ገጽ የሚደረድሩ ፊደል ለቃሚ ነበሩ፤ አርባ ዓመት ሠርተዋል። ጡረታ ከወጡ በኋላም መግቢያው ላይ የሚለጠፈውን ማስታወቂያ ሁሉ በቀይ እስክሪፕቶ ስለሚያርሙ፣ ክርክር ሲሰለቻቸውም «በቃ፣ አራት ነጥብ» ብለው ስለሚዘጉ፣ ጎረቤቱ ጋሽ አራት ነጥብ የሚል ስም አወጣላቸው። ስሙን ያውቁታል፤ አልከፋቸውም።

የመጀመሪያ የልጅ ልጃቸው ከተወለደች ወዲህ ግን ሰውየው ዕረፍት አጥተዋል። የሕፃኗ አባት የረጅም መንገድ ሾፌር ነው፤ ለመመለስ ገና ሁለት ሳምንት ይቀረዋል። ቤት መጠበቁ በእሳቸው ጫንቃ ላይ ወደቀ፤ እውነቱን ለመናገር ማንም ሳይጭንባቸው ራሳቸው ተሸከሙት። ጠያቂ ሁሉ ጉንፋኑን ይዞ እንዳይገባ በር አይከፈትም ተባለ። አራሷ እንቅልፍ እንድታገኝ የቤቱ ስልክ ገመዱ ተነቀለ። የልጃቸው ሞባይል ቀን ቀን ጠፍቶ መሳቢያ ውስጥ ይውላል፤ ማታ ባሏ የሚደውልባትን ግማሽ ሰዓት ብቻ ይከፈታል። ይህን ሁሉ ያደረጉት በፍቅር መሆኑን ማንም አይክድም። በሩን የዘጉት ግን በማን ላይ እንደሆነ አላወቁም ነበር።

ኮቴው ከራቀ በኋላ ጫማቸውን አድርገው ዳይፐር ሊገዙ ወጡ። ከአራተኛ ፎቅ ወርደው ሁለተኛው ላይ ሲደርሱ ያንኳኳችው ሰው አልሄደችም ኖሮ ደረጃው ላይ ተቀምጣ አገኟት። ወጣት ናት። አንድ እግሯን ከጫማዋ አውጥታ ጣቶቿን ታሻለች፤ ጉልበቷ ላይ ሰማያዊ ፋይል አለ። ሽማግሌውን ስታይ ብድግ ብላ መንገድ ስለ ዘጋች ይቅርታ ጠየቀች፤ ቀጥላም ጠየቀቻቸው። ነርስ ናት። ከዘጠኝ ቀን በፊት ሴት ልጅ የተገላገለች እናት በዚህ ሕንፃ ውስጥ ትኖራለች፤ የሕንፃው ቁጥር ቅጹ ላይ አለ፣ የቤቱ ግን የለም። ሁለት ቀን ሙሉ ስልክ ቢደወል የሚያነሣ ጠፋ። ስለዚህ ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት ጀምሮ ከምድር ቤት ተነሥታ በር ሁሉ ስታንኳኳ ነው የዋለችው። አራተኛ ፎቅ ላይ አንዱ ቤት ብቻ አልከፈተም፤ ደወሉም የሞተ ይመስላል።

ሽማግሌው ጆሯቸው ጋለ። ያን ቅጽ የሞሉት እሳቸው ናቸው። «የቤት ቁጥር» የሚለው ቦታ ላይ፣ ምን ያደርግላቸዋል ብለው፣ ሰረዝ ስበውበታል።

«ቤተሰቡን አውቃቸዋለሁ» አሉ። «መልእክቱን ለእኔ ንገሪኝ፤ አደርሳለሁ።»

«እግዜር ይስጥልኝ አባባ። ግን ለእናቷ ካልሆነ ለማንም መንገር አልችልም።»

እዚህ ላይ ወደ ላይ ተመልሰው በሩን ቢከፍቱላት ነገሩ ባጠረ። ነገር ግን በሆዳቸው የስድስት ቀን ቂም አለ። ሕፃኗ ከሆስፒታል ከመውጣቷ በፊት፣ በሦስተኛ ቀኗ፣ አንዲት ነርስ ያን የለውዝ ፍሬ የሚያህል ተረከዝ ወግታ፣ አምስት ጠብታ ደም ወፍራም ወረቀት ላይ በተሣሉ አምስት ክቦች ውስጥ ስታስነካ ቆመው አይተዋል። ወረቀት ምን ያህል ቀለም እንደሚጠጣ ከእሳቸው የበለጠ የሚያውቅ የለም፤ ክቡ ዳር እስከ ዳር ሲቀላ አንድ በአንድ ቆጠሩ። ስለዚህ ቁልፋቸውን ኪሳቸው ውስጥ እያንቃጨሉ፣ ከአንዱ ደረጃ ወደ ሌላው ወረድ መለስ እያሉ ክርክሩን ከፈቱ።

«ለመሆኑ ሕፃናቱን ተረከዛቸውን የምትወጉት እናንተ ናችሁ?»

«አዎ አባባ፣ እኛ ነን።»

«ደህናውንም?»

«ይልቁንም ደህናውን።»

ይህ መልስ ጭራሽ አናደዳቸው። የሰው ልጅ ሲታመም ሐኪም ጋ ይሄዳል፤ ሐኪም ጤነኛውን እያባረረ በሽታ ሲፈልግለት ግን በዕድሜያቸው ሰምተው እንደማያውቁ ነገሯት። እሳቸውን ማንም አልወጋቸውም፤ ይኸው ሰባ ዓመት አልፏቸዋል፤ መነጽር ከማድረጋቸው በቀር ምንም አልጎደለባቸውም። እናት ልጇን ዓይን ዓይኗን እያየች የማታውቀውን ነገር ወረቀት ላይ የደረቀ ደም ሊያውቅ ነው? ብዙ ተናገሩ። ነርሷ ግድግዳውን ተደግፋ፣ አንድ ጊዜ እንኳ ሳታቋርጥ፣ እስኪጨርሱ ሰማቻቸው። አንዳንድ የተማረ ወጣት ትልቅ ሰው ሲናገር ሰዓቱን ያያል፤ እሷ ግን እግሯ እያመማት ሰማች። ክርክር የሚረታው በዕውቀት ብቻ እንዳልሆነ የሚያስረዳ ነገር ነው።

ከዚያ ከተረከዝ ደም የሚታየውን ነገር ቀስ ብላ ነገረቻቸው። አንገት ላይ፣ ከጉሮሮ ፊት፣ ክንፏን የዘረጋች ቢራቢሮ የምትመስል ታይሮይድ የምትባል ዕጢ አለች። ዕጢ ሲባል በሽታ አይደለም፤ ሁሉም ሰው አለችው። ሰውነት የሚያድግበትን፣ የሚሞቅበትን፣ ከሁሉ በላይ የሕፃን አንጎል የሚገነባበትን ንጥረ ነገር የምታመነጨው እሷ ናት። ከብዙ ሕፃናት መካከል አንዳንዱ ያለ እሷ ይወለዳል፤ አንዳንዱም አለችው፣ ግን አትሠራም። ማኅፀን ውስጥ ሳለ እናቱ ከራሷ ታካፍለዋለች። ስለዚህ ሲወለድ አምሮበት፣ ኪሎው ሞልቶ ይወለዳል። የእናቱ ስንቅ የሚያልቀው ከዚያ በኋላ ነው።

«እና ሲያልቅ ይታመማላ። ያኔ አታክሙትም?»

«ሲታወቅ ወራት አልፈዋል አባባ። መድኃኒቱ ያኔም ይሠራል፤ ሰውነቱን ያሳድጋል። አንጎሉ በእነዚያ ወራት ያጣውን ግን አይመልስለትም። በሁለት ሳምንት ውስጥ ከተጀመረ ግን ልጁ እንደ ማንኛውም ልጅ ያድጋል፤ ይማራል። ለዚህ ነው የምንሮጠው።»

ሽማግሌው በኪሳቸው ውስጥ ጣታቸውን አጠፉ። ዘጠኝ። አምስት ይቀራል። ቢሆንም እጅ መስጠት አልለመዱም።

«ምልክት የሌለው በሽታ የለም። ምልክቱን ንገሪኝና እናቶቹ ራሳቸው ይጠብቁት።»

«አብዛኞቹ ላይ ምንም አይታይም። ቢታይም የሚያስደነግጥ አይደለም፤ እንዲያውም ደስ ይላል።»

«በሽታ ደስ ሲል?»

«ሕፃኗ ብዙ ትተኛለች። አታለቅስም። ለመጥባት እንኳ መቀስቀስ አለባት፤ ሁለት ሦስቴ ስባ መልሶ ይወስዳታል። ዓይኗ ላይ ያለው ቢጫ በሳምንቱ አይለቃትም። ሆዷ ይደርቃል። እግሯ ይቀዘቅዛል። አንዳንዴ ካለቀሰችም ድምፅዋ ጎርነን ያለ ነው። ቤተሰቡ ምን የሚል ይመስልዎታል? ‹ምን ያለች ጨዋ ልጅ ናት፣ አታስቸግር› ይላል።»

ቁልፉ መንቃጨሉን አቆመ።

ይህን ቃል በቃል ዛሬ ጠዋት ብለውታል። ልጃቸው «አባዬ፣ ከትናንት ወዲያ ጀምሮ እኮ ካካ አላለችም» ስትላቸው፣ ጨዋ ልጅ ጨዋ ሆድ አላት ብለው ቀልደውባታል። ካልሲ ደርበው ያጠለቁላት እግሯ ስለ ቀዘቀዘ ነው። ዓይኗ ቢጫ ሲሆን የመጋረጃው ቀለም ነው ብለዋል። አሁን ሁሉም አንድ ላይ መጣባቸው። ደረጃው ጠበባቸው፤ ሁለት ደረጃ ወረዱ፣ ሦስት ወጡ።

ታላቅ እህታቸው ትዝ አለቻቸው። ሠላሳ ዓመት ሲሞላት ቁመቷ የአሥር ዓመት ልጅ ያህል ነበር። ቀኑን ሙሉ መስኮት ሥር ተቀምጣ ጨርቅ ታጥፋለች፣ ትፈታለች፣ መልሳ ታጥፋለች። እንግዳ ሲመጣ ወደ ውስጠኛው ክፍል ትወሰዳለች። እናታቸው እስኪሞቱ ድረስ፣ በዚያች ልጅ ሕፃንነት ሲኮሩ፣ «አንተ አገር ስትበጠብጥ፣ እሷ አንድ ቀን አላስቸገረችኝም» ይሏቸው ነበር።

«ልጄ» አሉ፣ ድምፃቸው ዝቅ ብሎ። «እህት ነበረችኝ።» ስለ እህታቸው ነገሯት፤ ለማንም ነግረው አያውቁም። «ከዚህ ነገር ነበር ትያለሽ?»

«ያላየሁትን ሰው ከዚህ ነው ብል እዋሻለሁ፤ ሌላም ብዙ ምክንያት አለ» አለች ነርሷ። «ያኔ የሚመረምር ቢኖር ግን ታውቁ ነበር። ይኸ ከሆነም እናትዎ ይደርሱላት ነበር።»

የቀራቸው አንድ ክርክር ብቻ ነበር፤ እሱንም ወረወሩት። ደህናውንም ታሟል እያላችሁ ስንቱን ቤት በከንቱ ታስደነግጣላችሁ አሏት። ነርሷ አልካደችም። ደግመው ከሚጠሩት መካከል ብዙው በሁለተኛው ምርመራ ደህና ሆኖ እንደሚገኝ፣ ያን ጊዜ ቤተሰቡ ሁለት ቀን ያለ አግባብ እንደሚጨነቅ አመነች። የተረከዙ ደም ፍርድ አይደለም፤ ደግማችሁ እዩ የሚል ምልክት ነው። ከሁለት ቀን ጭንቀትና ከአንድ ሕፃን አእምሮ መጎዳት የትኛው ይብሳል ብላ ጠየቀቻቸው።

ይህን ጥያቄ ሽማግሌው በራሳቸው ሙያ ያውቁታል። በወጣትነታቸው የትምህርት ቤት የሒሳብ መጽሐፍ ሲታተም፣ አንዱ ገጽ እጅግ ተስተካክሎ ስለ ተለቀመ አለቃው ለእርማት የሚነበበው የማረሚያ ቅጂ ሳይወጣለት ይታተም አለ። አምስት በስምንት ሲባዛ አርባ አምስት የሚል ገጽ በሦስት ሺህ መጽሐፍ ውስጥ ገባ። ማረሚያው ወጥቶ ቢሆን አንዲት ቁጥር በወረንጦ አንሥቶ ሌላ መተካት ነበር፤ የአንድ ደቂቃ ሥራ። ከታተመ በኋላ ግን የየትኛው ልጅ መጽሐፍ ይሰበሰባል? ከዚያ ወዲህ፣ ያማረውን ገጽ ይልቁንም፣ ሳያነቡ ወደ ማሽን ልከው አያውቁም። ለእርሳስ ፊደል ይህን ያህል ሲጠነቀቁ የኖሩ ሰው ናቸው።

«አራተኛ ፎቅ ላይ ያልከፈተልሽ ሰው እኔ ነኝ» አሉ። «አያቷ ነኝ። ስልኩን የነቀልኩትም እኔ ነኝ።»

ነርሷ ጫማዋን አጠለቀችና ቀድማቸው መውጣት ጀመረች። እሳቸው ከኋላ ተከተሉ፤ በሦስተኛው ፎቅ ላይ አለፏት።

እናቲቱ አልጋ ላይ ተቀምጣ የሕፃኗን ጉንጭ በጣቷ ነካ ነካ እያደረገች ልትቀሰቅሳት ትሞክራለች። ነርሷ አጠገቧ ተቀምጣ ውጤቱን ነገረቻት፦ በመጀመሪያው ምርመራ ከአንጎል ወጥቶ ዕጢዋን ሥሪ የሚላት ንጥረ ነገር ቁጥር ከሚጠበቀው እጅግ ከፍ ብሏል፤ ዕጢዋ በሚገባ እየሠራች አይመስልም፤ ዛሬውኑ ሆስፒታል መሄድ ያስፈልጋል። መድኃኒት አለው፤ በአፍ የሚሰጥ ትንሽ ክኒን ነው። እናቲቱ አላለቀሰችም። አባቷን ቀና ብላ አየቻቸው።

«ስትጠባ ይደክማታል ብዬህ ነበር አባዬ።»

«ብለሽኛል።»

«ሰው እንጠይቅ ስልህ በሩን ቆለፍክ።»

«ቆልፌያለሁ» አሉ። አራት ነጥብ አላሉም።

በታክሲ ሄዱ። መንገዱ ተዘግቶ ነበር፤ ሽማግሌው ከፊት ወንበር ሆነው ሾፌሩን በየት ብትገባ ይሻል ነበር እያሉ አሰለቹት፤ በመጨረሻ ሰውየው አባቴ መሪውን ይያዙት አላቸው። ሆስፒታል ሲደርሱም መቀመጥ አልቻሉም። ከክንዷ ደም ሲቀዳ ሕፃኗ ጎርናና ድምፅዋን አሰማች፤ ኮሪደሩን ከዳር እስከ ዳር ተመላለሱበት፤ የጽዳት ሠራተኛዋ የወለወለችውን ሁለት ጊዜ ረገጡባት።

ሐኪሟ ጎልማሳ፣ ወፈር ያለች፣ ንግግሯ አጭር ሴት ናት። የመጀመሪያው ቁጥር በጣም ከፍ ያለ ስለሆነ የሁለተኛውን ውጤት ሳይጠብቁ ዛሬ እንደሚጀምሩ ነገረቻቸው። ክኒኑ በሁለት ማንኪያ መካከል ተደቅቆ፣ ከእናቲቱ በታለበ ጥቂት ወተት ተበጥብጦ፣ በማንኪያ ይሰጣል። ጡጦ ውስጥ አይጨመርም፤ ልጅ ጡጦውን ካልጨረሰ መድኃኒቱም ይቀራልና። በየቀኑ በአንድ ሰዓት ይሰጣል፤ የብረት ወይም የካልሲየም መድኃኒት ቢታዘዝላት ከሱ ጋር አይሰጥም። መጠኑ ከኪሎዋ ጋር ስለሚለወጥ በየጊዜው ደም ይታያል።

«እስከ መቼ?» አሉ ሽማግሌው።

«ሦስት ዓመት ሲሆናት ዕጢዋ መሥራት ጀምራ እንደሆነ እናያለን። ካልጀመረች ዕድሜ ልክ።»

«ዕድሜ ልኳን በሽተኛ ትሁን?»

ሐኪሟ መነጽራቸውን አየች። «ይህን ካደረጉ ስንት ጊዜ ሆነዎት?»

«ሠላሳ ዓመት።»

«ሠላሳ ዓመት ሙሉ ታመው ነው?»

ልጃቸው በዚያ ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀች። ሽማግሌው መነጽራቸውን አውልቀው በሸሚዛቸው ጠረጉት። የመጀመሪያውን ክኒን ያደቀቁት እሳቸው ናቸው። የእርሳስ ፊደል ለአርባ ዓመት የለቀመው እጅ በማንኪያዋ ዳር የቀረውን ዱቄት አንዲት ሳያስቀር ሰበሰበ።

ሁለተኛው ምርመራ የመጀመሪያውን አጸና፤ ዕጢዋ ከመጠን በላይ ትንሽ ናት። ከዚያ በኋላ ያሉት ሳምንቶች ለአያትየው ረጅም ነበሩ። በየጠዋቱ አንድ ሰዓት ላይ ማንኪያቸውን ይዘው አልጋው ጋ ይቆማሉ። የዓይኗ ቢጫ ለቀቀ፤ ሆዷ ተስተካከለ፤ እግሯ ሞቀ፤ እሳቸው ግን ዛሬ እንቅልፏ በዛ፣ ዛሬ አነሰ እያሉ ነርሷ ጋ ይደውላሉ። ደውላችሁ ጠይቁ ያለችው እሷ ናትና አልተቆጣችም።

የአራተኛ ወሯን ምርመራ ሲጠብቁ ኮሪደሩ ላይ አንዲት አያት አገኙ። ሴትዮዋ ምራታቸው ልትወልድ ገብታለች፤ የልጃቸውን ልጅ ማንም በመርፌ እንደማይነካው አስቀድመው እየማሉ ነበር። ጋሽ አራት ነጥብ አጠገባቸው ተቀመጡና መርፌው ለአፍታ የሚያም፣ ጥቅሙ ግን ዕድሜ ልክ የሚቆይ መሆኑን ነገሯቸው። በመጀመሪያዎቹ ቀናት የሚወሰደው ያ ደም፣ ዓይን ሊያየው የማይችለውን እንደሚያሳይ፤ በጊዜ የተደረሰላት ልጅ እንደ እኩዮቿ እንደምትሮጥ፣ ፊደል እንደምትቆጥር፣ ሠርታ እንደምታድር፤ ያልተደረሰላት ግን መስኮት ሥር እንደምትቀር። ቅጹን ስትሞሉ የቤት ቁጥር እንዳትረሱ፣ ሲደወልላችሁም አንሡ አሏቸው። ሴትዮዋ እርስዎ ሐኪም ነዎት ወይ ብለው ጠየቁ። «አይደለሁም፤ በር የዘጋሁ ሰው ነኝ» አሉ፤ ሴትዮዋም ሁሉንም ከመጀመሪያው ጀምሮ እንዲያወሩላቸው ለመኗቸው። ምራትየዋ ስትወልድ የልጁ ተረከዝ ተወጋ።

የምርመራው ውጤት ጥሩ ነበር። ቁጥሩ መሆን ከሚገባው ቦታ ላይ ነው፤ አንገቷን ቀጥ አድርጋ ይዛለች፤ ድምፅ በመጣበት ትዞራለች። ሐኪሟ መጠኑን በጥቂት ጨመረችና አሰናበተቻቸው።

በማግሥቱ ጠዋት አያት ማንኪያውን ይዘው ቀረቡ። ልጅቷ ማንኪያውን አየች፤ አያቷንም አየች። ከዚያ እጇን አንሥታ አንድ ጊዜ መታችው። ወተቱ ከነመድኃኒቱ በመነጽራቸው፣ በጢማቸው፣ በንጹሕ ሸሚዛቸው ላይ ተረጨ። በሁለተኛው ከንፈሯን ገጥማ ፊቷን አዞረች፤ አገጯን ሲይዟት ሕንፃው እስኪሰማ ጮኸች። እናቷ ከወጥ ቤት ሮጣ ብትመጣ አያትየው አልጋው ዳር ተቀምጠው፣ ወተቱ ከመነጽራቸው ሥር እየወረደ፣ ትከሻቸው እስኪነቃነቅ ይስቃሉ።

«ምን ሆንክ አባዬ?»

«አስቸገረችኝ» አሉ፤ ሌላ ክኒን ለማድቀቅም ተነሡ።